ፉርጎ አሰላፊዋ ሎኮሞቲቭና ሐዲድ ያልደረሰበት የጎንደር ደጋ

አንድ የጎንደር ሰው ስለ ምድር ባቡር ታሪክ ልናገር ብሎ ቢነሣ፥ «አገርህ ያላየውን ነገር ከየት አምጥተህ ትነግረናለህ?» ብሎ የሚጠይቀው አይታጣም። ጥያቄውም ተገቢ ነው። ከአዘዞ እስከ ደባርቅ፥ ከጭልጋ እስከ በለሳ መንገደኛና ጭነት የሚያመላልስ የምድር ባቡር ሠርቶ አያውቅም። ይሁን እንጂ ባቡር የሚለው ስም ለደጋው ሕዝብ እንግዳ አይደለም። ባላገሩ እህሉን በአህያ ጭኖ የሚወስድበትን፥ ድምፁ ከሩቅ የሚሰማውን የናፍጣ ወፍጮ «ባቡር» ብሎ ሲጠራው ኖሯል። እኔም ዛሬ ላወጋችሁ ያሰብሁት የዚያ ወፍጮ ሞተር የቅርብ ዘመድ ስለ ሆነች፥ በሐዲድ ላይ ስለምትሄድ አንዲት ትንሽ መኪና ነው።

ይህች መኪና በትልልቅ ጣቢያዎች ግቢ ውስጥ ፉርጎ እየሳበችና እየገፋች የምታሰልፍ የናፍጣ ሎኮሞቲቭ ናት። ረጅም መንገድ አትሄድም፤ መንገደኛ አትጭንም፤ ስሟም በመንገደኞች ዘንድ አይታወቅም። ነገር ግን በሰሜን አሜሪካ የእንፋሎት ባቡርን ዘመን ከሥሩ መሸርሸር የጀመረችው እርሷ ናት። ታሪኳንም የተመለከተ ሰው አንድ የብረት ዕቃ ብቻ ሳይሆን የብዙ ሠራተኞችን እንጀራ ጭምር ያገኝበታል።

ወደ እርሷ ከመሄዳችን በፊት ግን በገዛ አገራችን ስለ ተደረገ አንድ የመጎተት ሥራ እንነጋገር። ዐፄ ቴዎድሮስ በደብረ ታቦር አጠገብ በጋፋት ያሠሩት ሴባስቶፖል የተባለው መድፍ ክብደቱ 70 ኩንታል ገደማ ነበረ። ንጉሠ ነገሥቱ በ1860 ዓ.ም. መጀመሪያ ከደብረ ታቦር ተነሥተው ወደ መቅደላ ሲጓዙ፥ ይህ መድፍ በሠረገላ ላይ ተጭኖ፥ በመቶዎች የሚቈጠሩ ሰዎች በገመድ እየጎተቱት፥ የጅዳንና የበሽሎን ገደል ወርዶ ወጣ። ንጉሡ ራሳቸው ከሠራተኛው ጋር ሆነው መንገድ ያስጠርጉ፥ ድንጋይ ያስፈነቅሉ ነበረ። ጉዞውም ስድስት ወር ያህል ፈጀ፤ መቅደላም የደረሱት በመጋቢት ወር ነው።

በዚያው ዓመት፥ በዚያው ወራት፥ ዐፄ ቴዎድሮስን ሊወጋ የመጣው የእንግሊዝ ጦር በጄኔራል ናፒየር አዛዥነት በቀይ ባሕር ዳር በዙላ ወርዶ፥ ከወደቡ ወደ ተራራው ግርጌ ወደ ኩማይሌ የሚወስድ ከ15 ኪሎ ሜትር በላይ የሚሆን ሐዲድ አንጥፎ ነበረ። ከህንድ አገር ያመጣቸው ትንንሽ ሎኮሞቲቮችም ስንቅና ጥይት ያመላልሱበት ነበረ። ጦርነቱ እንዳለቀ ሐዲዱ ተነቅሎ ተወሰደ። በዚህ ምድር ላይ መጀመሪያ የታየው ባቡር እንግዲህ ለንግድ ሳይሆን ለጦርነት የመጣ፥ ጥቂት ወራት ብቻ የኖረ ባቡር ነው። አንዱ ወገን በሰው ትከሻ፥ ሌላው በእንፋሎት ሲስብ፥ ሁለቱ አንድ ጦርነት ውስጥ ነበሩ። እኔ ይህን ነገር ባሰብሁት ቍጥር ይገርመኛል፤ ምክንያቱም ዐፄ ቴዎድሮስ ከኤውሮፓ ሰዎች አጥብቀው ይሹት የነበረው እንዲህ ያለውን ብልሃት የሚያውቅ ሠራተኛ ነበረና።

የብረት መንኰራኵር በብረት ሐዲድ ላይ ሲንከባለል የሚያጋጥመው እንቅፋት እጅግ ትንሽ ነው። በተስተካከለ ሜዳ ላይ አሥር ኩንታል ጭነት እንዳይቆም ለማድረግ አምስት ኪሎ የሚያህል ስበት ወይም ከዚያ ያነሰ ይበቃዋል። ሴባስቶፖል በሜዳ ሐዲድ ላይ ቢቀመጥ ኖሮ፥ አንድ ጊዜ ከተንቀሳቀሰ በኋላ ሁለት ብርቱ ሰዎች ሊገፉት ይችሉ ነበረ ማለት ነው። ዳገት ሲመጣ ግን ነገሩ ይለወጣል። መቶ ሜትር ሲሄዱ ሦስት ሜትር ከፍ የሚል ዳገት፥ ለእግረኛና ለበቅሎ ምንም ያልሆነ ዳገት፥ በዚያው በአሥር ኩንታል ላይ ሌላ ሠላሳ ኪሎ ይጨምርበታል። ስለዚህ ሐዲድ ሜዳን ይወዳል፥ ተራራን ይፈራል። የስሜንን ሰንሰለት ያየ ሰው ባቡር ስለ ምን እስከ ዛሬ እንዳልመጣ ግማሹን መልስ ከዚህ ያገኘዋል።

አሁን ወደ ጣቢያው ግቢ እንግባ። የጭነት ባቡር ከወደብ ሲደርስ ፉርጎዎቹ ሁሉ ወደ አንድ ስፍራ የሚሄዱ አይደሉም። አንዱ ጨው፥ አንዱ ብረት፥ አንዱ ጨርቅ ጭኗል፤ አንዱ ለመጋዘን፥ አንዱ ለፋብሪካ፥ ሌላው ባዶውን ለመመለስ ነው። የድሮ ሲራራ ነጋዴ ሰፈሩ ሲደርስ ጭነቱን አውርዶ የየገበያውን ለየብቻ እንደሚለይ ሁሉ፥ ባቡርም መበተንና እንደ ገና መሰለፍ አለበት። በበቅሎ ጭነት ጊዜ ይህን የሚሠራው የለጓሚው ክንድ ነው። አንድ ፉርጎ ግን በመቶ የሚቈጠር ኩንታል ስለሚመዝን ሥራው ሎኮሞቲቭ ይጠይቃል።

የእንፋሎት ሎኮሞቲቭ ለዚህ ሥራ አይመችም ነበረ። ውኃው ፈልቶ እንፋሎት እስኪሰበስብ ሰዓታት ይፈጃል፤ ሥራ ፈትቶ ሲቆምም እሳቱ መጥፋት ስለሌለበት ከሰሉን ይበላል፤ አመዱ ይጠረጋል፤ ጋኑ ይታጠባል። የጣቢያ ሥራ ደግሞ ጥቂት መሄድ፥ ብዙ መቆም ነው። ስለዚህ መኪናይቱ ከቀኑ ብዙውን ሰዓት ያለ ሥራ ትበላ ነበረ።

ለውጡ የመጣው በኒው ዮርክ ከተማ በጭስ ምክንያት ነው። በፈረንጅ አቆጣጠር በ1902 በፓርክ ጎዳና ሥር ባለው ዋሻ ውስጥ ጭስና እንፋሎት የምልክቱን መብራት በመጋረዱ ባቡር ከባቡር ተጋጭቶ ብዙ ሰው ሞተ። ከዚያ በኋላ ሕግ በሕግ ላይ ወጣ፤ በ1923 የወጣውም ሕግ የእንፋሎት ባቡር ከከተማይቱ እንዲወገድ አዘዘ። የኤሌክትሪክ ሽቦ መዘርጋት ለማይመቻቸው ትንንሽ የወደብ ጣቢያዎች ሌላ መላ ያስፈልግ ነበረና፥ በ1925 የኒው ጀርሲ ሴንትራል የባቡር ኩባንያ 300 የፈረስ ጉልበት ያላትን፥ ቍጥሯ 1000 የሆነውን የናፍጣ ሎኮሞቲቭ ገዛ። እርሷም በብሮንክስ፥ ፉርጎዎች በጀልባ እየተጫኑ በሚመጡባት ጣቢያ፥ እስከ 1957 ድረስ ሠራች። ዛሬ በባልቲሞር ከተማ ሙዚየም ውስጥ ትገኛለች።

የአሠራሯን ነገር በአጭሩ ልንገራችሁ። የናፍጣው ሞተር መንኰራኵሩን በቀጥታ አያዞረውም። ሞተሩ ትልቅ ዲናሞ ያዞራል፤ ዲናሞው ኤሌክትሪክ ያወጣል፤ ኤሌክትሪኩም በየመንኰራኵሩ ዘንግ ላይ ወደ ተገጠሙት የኤሌክትሪክ ሞተሮች ይሄዳል። ስለ ምን እንዲህ ይጠማዘዛል ቢባል፥ የናፍጣ ሞተር ከቆመበት ሲነሣ ኃይል የለውም፤ መዞር ከጀመረ በኋላ ነው የሚበረታው። የኤሌክትሪክ ሞተር ግን ከሁሉ ይልቅ የሚበረታው ገና ከቆመበት ሲነሣ ነው። የጣቢያ ሥራ ደግሞ ሁልጊዜ መነሣት ነው። ወፍጮ ቤት ውስጥ ሞተሩ በከንቱ ሲዞር ቆይቶ በኋላ ቆዳው እንደሚጠለቅበት ያየ ሰው ይህ ነገር ቶሎ ይገባዋል።

ከዚያ በኋላ አልኮ፥ ባልድዊንና የጄኔራል ሞተርስ የሎኮሞቲቭ ክፍል ይህችን መኪና በብዛት ይሠሯት ጀመር። ከ1938 እስከ 1953 የተሠራችው 600 የፈረስ ጉልበት ያላት የጄኔራል ሞተርስ መኪና፥ እንዲሁም በ1940 የወጣችው 1,000 የፈረስ ጉልበት ያላት የአልኮ መኪና በሰፊው ይታወቃሉ። በዚህች በኋለኛይቱ ላይ አየር ወደ ሞተሩ በግፊት የሚያስገባው መሣሪያ ቡሂ የተባለ የስዊስ መሐንዲስ የፈለሰፈው ነው። መልካቸው ተመሳሳይ ነው፤ የነጂው ክፍል ከኋላ ጫፍ ላይ ከፍ ብሎ ይቀመጣል፤ ሞተሩ ከፊቱ በዝቅተኛ ሣጥን ውስጥ ይሆናል፤ ይህም ነጂው ፉርጎ የሚያያይዘውንና የሚፈታውን ሰው አሻግሮ እንዲያይ ነው። በፉርጎና በፉርጎ መካከል የሚገባ ሰው ነጂው ካላየው ሕይወቱ በቅጽበት ያልፋልና፥ ይህ ነገር ለመልክ የተደረገ አይደለም።

እዚህ ላይ የሰው ነገር ይመጣል። በእንፋሎት ሎኮሞቲቭ ላይ ሁለት ሰዎች ነበሩ፤ አንዱ ነጂ፥ ሁለተኛው እሳት አንዳጅ። የናፍጣ መኪና እሳት የላትም፤ ታዲያ እሳት አንዳጁ ምን ይሁን? በ1937 የአሜሪካ የባቡር ኩባንያዎችና የሠራተኞቹ ማኅበር ተስማምተው፥ ክብደቷ 90,000 ፓውንድ፥ ማለት 408 ኩንታል ያህልና ከዚያ በላይ በሆነች በማንኛዋም የናፍጣ ሎኮሞቲቭ ላይ ሁለተኛው ሰው እንዲቀመጥ ወሰኑ። ፋብሪካዎቹ ደግሞ ምን አደረጉ መሰላችሁ? ጄኔራል ኤሌክትሪክ ከ1940 እስከ 1956 ድረስ ክብደቷ በአሜሪካ ቶን 44፥ በእኛ 399 ኩንታል ያህል የሆነች ሎኮሞቲቭ ሠርቶ ሸጠ። ከወሰኑ በታች በጥቂት ኩንታል ብቻ መሆኗ በአጋጣሚ አይደለም። መሐንዲሱ ብረቱን ሲመዝን የሚያስበው ሐዲዱ ስለሚችለው ክብደት ብቻ ሳይሆን በስምምነቱ ወረቀት ላይ ስለ ተጻፈው ቍጥርም ነበረ። አንድ ሰው ከሥራው እንዲቀር የሚያደርግ መኪና በሚዛን ተለክታ ስትሠራ ከዚህ የበለጠ ግልጽ ምሳሌ እኔ አላገኘሁም።

ክርክሩም በዚህ አላበቃም። በካናዳ በ1957 በዚሁ ምክንያት የሥራ ማቆም አድማ ተነሥቶ፥ በዳኛ ኬሎክ ሰብሳቢነት የተቋቋመው መርማሪ ጉባኤ በ1958 በጭነትና በጣቢያ ሥራ ላይ እሳት አንዳጅ አያስፈልግም ብሎ ፈረደ። በአሜሪካም በ1963 ምክር ቤቱ ልዩ ሕግ አውጥቶ ጉዳዩን በግልግል ዳኞች አስጨረሰው፤ እነርሱም በጭነትና በጣቢያ ካሉት የእሳት አንዳጅ ቦታዎች ከመቶው ዘጠናው ቀስ በቀስ እንዲቀር ፈቀዱ። የማኅበሩ ሰዎች «ሁለተኛው ዓይን ለደኅንነት ያስፈልጋል» ይሉ ነበረ። ኩባንያዎቹ «ለማይሠራ ሰው ደመወዝ አንከፍልም» ይሉ ነበረ። ከሁለቱ ቃል በአንደኛው ውስጥ ብቻ እውነት አለ ለማለት እኔ አልደፍርም።

በአገራችንስ? ዐፄ ምኒልክ በ1886 ዓ.ም. ለስዊሱ ለአልፍሬድ ኢልግ የምድር ባቡር ፈቃድ ሰጡ። ሥራው በ1890 ዓ.ም. ከጅቡቲ ተጀምሮ፥ በ1895 ዓ.ም. ድሬዳዋ ደረሰ። የመጀመሪያው ኩባንያ ገንዘቡ አልቆበት ስለ ወደቀ፥ በ1900 ዓ.ም. አዲስ ፈቃድ ተሰጥቶ፥ ሐዲዱ በ1909 ዓ.ም. አዲስ አበባ ገባ። ለገሃር የምንለው የጣቢያ ቤትም በ1922 ዓ.ም. ተመረቀ። በዚህ መስመር ላይ የእንፋሎት ሎኮሞቲቮች ትልቁ ጠላት ውኃ ማጣት ነበረ። መንገዱ ከባሕር ዳር ተነሥቶ በበረሓ ያልፋልና፥ በበረሓው የሚገኘው ውኃ ጥቂት ነው፤ የሚገኘውም ጨዋማ ስለ ሆነ የሎኮሞቲቩን ጋን ያበላሻል። የናፍጣ ሞተር ለማቀዝቀዣ ከሚሆን ጥቂት ውኃ በቀር አይጠይቅም። ስለዚህ ከ1943 ዓ.ም. ገደማ ጀምሮ በስዊስ አገር በቪንተርቱር ከተማ የተሠሩ የናፍጣ ሎኮሞቲቮች ሲመጡ፥ የበረሓው መንገድ ቀለለ። የመጀመሪያውን ፈቃድ የተቀበለው ሰው የስዊስ ተወላጅ፥ የእንፋሎቱን ዘመን ያሳጠሩት መኪናዎችም የስዊስ ሥራ መሆናቸው ያጋጣሚ ነገር ነው፤ ግን ደስ ይላል።

በድሬዳዋ የጥገና ቤት ጋን መደፈንና መዶሻ መምታት የለመደ ሠራተኛ ስለ ዲናሞና ስለ ናፍጣ መርጫ መማር ግድ ሆነበት። ከአባት ወደ ልጅ ሲወርድ የነበረ ሙያ በአንድ ሰው ዕድሜ ውስጥ ተለወጠ።

ወደ ጎንደር እንመለስ። ሐዲድ ወደ ጎንደር አልገባም አልን እንጂ፥ ሳይቀርባት ቀርቷል ማለት አይደለም። በሱዳን በኩል በ1920 ዓ.ም. ገደማ ሐዲዱ ገዳሪፍ ስለ ደረሰ፥ በመተማ የሚያልፈው ነጋዴ ግመሉንና አህያውን እየነዳ ወደዚያው ያቀና ጀመር። በሰሜን በኩል ደግሞ በኤርትራ የነበረው የኢጣሊያ ሐዲድ በ1904 ዓ.ም. ከምጽዋ አስመራ ከገባ በኋላ፥ በ1920 ዓ.ም. አቆርደት፥ በ1924 ዓ.ም. ቢሻ ደረሰ፤ ከዚያ ወዲያ አልቀጠለም። ጎንደር በሁለት ሐዲዶች መካከል፥ ከሁለቱም ርቃ ቀረች።

የናፍጣ ሞተር ግን ሐዲድ ሳይጠብቅ መጣ። መጋቢት 23 ቀን 1928 ዓ.ም. የፋሺስት ጦር በስታራቼ አዛዥነት በሰቲት ዳር ከኦም ሐጀር ተነሥቶ፥ በመቶዎች በሚቈጠሩ ካሚዮኖች ተጭኖ ጎንደር ገባ። ከካሚዮኖቹም ውስጥ ላንቺያ ሮና ሽማግሌዎች «ትሬንታ ኳትሮ» የሚሉት ፊያት በናፍጣ የሚሠሩ ነበሩ። ወራሪው ከዚያ በኋላ ከአስመራ በወልቅፊት በር በኩል ወደ ጎንደር የሚያመጣውን መንገድ አወጣ። ከዛሪማ ቆላ ወደ ደባርቅ ደጋ የሚያወጣው ሊማሊሞ፥ ከ1,500 ሜትር የሚበልጥ ከፍታ በጥምዝ ላይ ጥምዝ እየተጠቀለለ የሚወጣ መንገድ ነው። ካሚዮን የጎማ ጥፍሩን መሬት ላይ ስለሚነክስ ይህን ዳገት ይወጣል፤ ሐዲድ ግን ያንኑ ከፍታ ለመውጣት ከ50 ኪሎ ሜትር በላይ መጠምዘዝ ይኖርበታል። በኅዳር 1934 ዓ.ም. ጎንደር ነጻ ስትወጣ መንገዱ ለአገሩ ሰው ቀረ።

ከዚያም ወዲህ የሲራራ ነጋዴው ነገር እንደ አሜሪካው እሳት አንዳጅ ሆነ። ከጎንደር ምጽዋ ለመድረስ በቅሎ ሳምንታት ትፈጃለች፤ ካሚዮን በቀናት ይደርሳል። በቅሎ የሚያሠለጥን፥ ኮርቻ የሚለጉም፥ በረት የሚያከራይ፥ በየሰፈሩ ጠላና እንጀራ የምትሸጥ፥ ሁሉም ገበያቸው ቀዘቀዘ። ለእነርሱ የቆመ ማኅበር፥ በኩንታል የተወሰነ ስምምነት፥ በፍርድ ቤት የተከራከረላቸው ዳኛም አልነበረም። ከለጓሚዎቹ ልጆች መካከል ዕድል የቀናው ረዳት ሆነ፥ ከረዳትነትም ሾፌር ሆነ፤ ሌላው ወደ እርሻው ተመለሰ፥ ወይም በገበያ ኩሊ ሆነ።

ዛሬ ከአዲስ አበባ ጅቡቲ የሚሄደው ባቡር የኤሌክትሪክ ነው። በመስከረም 2009 ዓ.ም. ተመርቆ በ2010 ዓ.ም. መደበኛ ሥራውን ጀመረ። ነገር ግን የናፍጣዋ ፉርጎ አሰላፊ ከዚያም አልጠፋችም። የጭነት መጫኛና ማራገፊያ ባለበት ሐዲድ ላይ የኤሌክትሪክ ሽቦ ቢዘረጋ የዕቃ ማንሻውን ክሬን ያሰናክላልና፥ እዚያ ያለ ሽቦ የምትሄድ መኪና ትፈለጋለች። መቶ ዓመት ገደማ በፊት በብሮንክስ የጀመረችውን ሥራ እዚህም ትሠራለች።

የኢትዮጵያ ምድር ባቡር ኮርፖሬሽን በ2003 ዓ.ም. በተጀመረው የዕድገትና ትራንስፎርሜሽን ዕቅድ ዘመን ባወጣው ካርታ ላይ፥ ከወልድያ በወረታ በኩል አዘዞ ደርሶ ወደ መተማ የሚወርድ መስመር ተሥሏል። ሐዲድ ግን አልተነጠፈበትም። መስመሩን በእግሩ ለሚያውቀው ሰው የፎገራ ሜዳ ቀላል ነው፤ ከአዘዞ ወዲያ እስከ መተማ ግን ከ1,000 ሜትር በላይ ቁልቁለት አለ። ያ ሥራ የተጀመረ ዕለት ወደ አዘዞ መጀመሪያ የሚገባው መንገደኛ የጫነው ባቡር አይሆንም። ሐዲድ እየተነጠፈ በሄደ ቍጥር ከኋላው ሐዲዱን፥ ግንዱንና ጠጠሩን በፉርጎ እየገፋ የሚያቀርብለት ሎኮሞቲቭ ያስፈልጋል፤ ሽቦው ገና ስላልተዘረጋም ያች ሎኮሞቲቭ የምትሄደው በናፍጣ ነው።